ዘይት የገባበት ሰዓት

ሰዓት ሠሪ ነኝ። ጁባ ውስጥ፣ ሀይ ጀላባ በሚባለው ሰፈር፣ ከልብስ ሰፊዎቹ ቀጥሎ ባለች በረንዳ ላይ፣ አንዲት የመስታወት ሣጥንና አንድ ወንበር አሉኝ። ሰው መጥቶ «ሠሪው የት ሄደ?» ሲለኝ «ሽንት ቤት» እለውና ሰዓቱን ተቀብዬ እሠራለሁ። ሠሪዋ እኔ መሆኔ የሚገባው ስጨርስ ነው።

ሥራውን ያስተማረኝ አባቴ ነው። ወደ ጁባ ስመጣ አውቶቡስ ተራ ድረስ ሸኝቶኝ፣ የራሱን ሰዓት ከእጁ ፈትቶ እጄ ላይ አሰረልኝ። በየጠዋቱ የሚሞላ አሮጌ ሰዓት ነው። «ሁለት ዓመት ያስኬድሻል» አለኝ። «ስትመለሺ እኔ ራሴ ፈትቼ፣ አጥቤ፣ ዘይት አደርግበታለሁ። ማንም እንዳይከፍተው፤ አንቺም ብትሆኚ።» እኔም ሁለት ዓመት ብዬ ነበር የወጣሁት። ባለፈው ዓመት ዘጠኝ ሞላኝ።

ያልታጠበ ሰዓት ይዘገያል። የአባቴ ሰዓት መጀመሪያ በቀን ሁለት ደቂቃ፣ በኋላ አምስት፣ እያለ እያለ ግማሽ ሰዓት ወደ ኋላ መቅረት ጀመረ። ግማሽ ቀን ብቀመጥበት አድነው ነበር። ግን እኔ ካጠብኩት አልመለስም ማለት ነው ብዬ ተውኩት። ባዶ እጄን አገሬ መግባት ያሳፍረኛል፤ አባቴ ሳላየው እንዳይሞት ደግሞ እፈራለሁ። በሁለቱ መሃል ተሰንቅሬ፣ ሰው መቼ ነው የምትሄጂው ሲለኝ እንደ አገሬው «ቡክራ» እላለሁ፤ ነገ ማለት ነው።

እሁድ ከሰዓት ሎሎጎ ሰፈር አንዲት እህት ቤት ለጸሎት እንሰበሰባለን። ባለፈው ዓመት ዝናብ ሲገባ ከአገር ቤት አንድ እንግዳ አገልጋይ መጣ። ልጅ እግር ነው፤ ድምፁ ግን ቆርቆሮውን ያንቀጠቅጣል። «ጊዜያችሁ ታስሯል» አለን። «ጊዜን የሚይዙ ዕቃዎች አሉ። ከቤተሰብ የመጣ ሰዓት ማን እጅ ላይ እንደነበረ፣ ምን እንደተደገመበት ታውቃላችሁ? ሰርጉ የዘገየበት፣ ወረቀቱ የዘገየበት፣ ሰዓቱን እዚህ ያምጣ፤ ዛሬ በዘይት ተቀብቶ ይነጻል።» ትሪ ቀረበ። አንዱ ሲያወልቅ ሌላው ተከተለ። የቤቱ የግድግዳ ሰዓት ሳይቀር ወረደ።

እኔ እጄን ነጠላዬ ውስጥ ሸሸግሁ። አላዋጣኝም።

«እህቴ፣ ስንት ሰዓት ነው?» አለኝ።

አየሁና ነገርኩት። ግማሽ ሰዓት ወደ ኋላ ነበር፤ ቤቱ ሙሉ «እህ» አለ። ጥፋቱ ደግሞ የራሴው ነው። ስንት ዓመት ሙሉ በየእሁዱ «አገሬ እንድገባ ጸልዩልኝ» ስል የኖርኩት እኔ ነኝ።

«ላዩን መቀባት አይበቃም፤ የሚይዘው ውስጡ ነው» አለ አገልጋዩ። ዓይን ሁሉ ወደ እኔ ዞረ። መክፈቻዬ ከቦርሳዬ እንደማይጠፋ ማን የማያውቅ አለ? ዘይቱ የወይራ ዘይት ነው፣ ሰላጣ ላይ የሚደረገው። እኛ ለሰዓት ዘይት የምንሰጠው በመርፌ ጫፍ ነው፤ ያውም የራሱን ዘይት፣ ያውም የቱ ጋ እንደሚነካ አውቀን። እሱ ከነጠርሙሱ ይዞ ቆሟል። ነገሩ አፌ ድረስ መጥቶ ነበር። ግን ወባ ሲጥለኝ አዝለው ሐኪም ቤት ያደረሱኝ እነዚህ ናቸው፤ አጥሚት እያፈሉ ሳምንት ሙሉ ያስታመሙኝ እነዚህ ናቸው። ጁባ ላይ ከነሱ ሌላ ማን አለኝ? እምነት የላትም ከምባል ብዬ ዋጥኩት። የሁሉንም ጀርባ በገዛ እጄ ከፈትኩ፤ የአባቴን መጨረሻ ላይ። እሱ በየተራ ዘይቱን ሲያፈስባቸው፣ ሰዎቹ «ጌታ ይባረክ» አሉ።

ሰኞ ጠዋት ሣጥኔ ጋ ተሰለፉ። «ባትሪው ይሆን እንዴ?» ትለኛለች አንዷ፣ ዓይኔን ሳታይ። «ሳይሆን አይቀርም» እላታለሁ። የሚድነውን በቤንዚን አጥቤ፣ የማይድነውን ማሽኑን ቀይሬ መለስኩ። ስለ ዘይቱ ማንም አላነሳም፤ እኔም አላነሳሁም።

የራሴን ግን ልነካው አልቻልኩም። በሰውየው ሳይሆን በራሴ ነበር የተናደድኩት። ለአባቴ ደወልኩ።

«አባባ፣ ሰዓቱ ቆመ። ዘይት አፈሰሱበት» አልኩትና ሁሉንም ነገርኩት።

ሳቀ። «ሰላጣ መሰላቸው?»

«አትቆጣኝ። አመጣልሃለሁ፤ እንዳልከኝ አንተ ታጥበዋለህ።»

«ልጄ፣ ሰዓት ከከፈትኩ አራት ዓመት አለፈኝ» አለኝ። «ዓይኔ ሄዷል። ሰው የምለየው በድምፁ ነው።»

«ለምን አልነገርከኝም?»

«ብነግርሽ፣ የምትመጪበት ምክንያት የሚቀር መሰለኝ።»

እዚያው በረንዳው ላይ፣ ሰው እያየኝ አለቀስኩ። እኔ ለመመለሻዬ ብዬ ሰዓቱን ሳላጥብ ኖርኩ፤ እሱም ለመመለሻዬ ብሎ ዓይኑን ደበቀኝ።

«በይ አሁን ቁጭ ብለሽ እጠቢው» አለኝ። «ስልኩን አትዝጊ፤ ልስማሽ።»

ፈታሁት። እሱ «ሞላውን ቀስ አድርጊ» «ትንሿን ብሎን ለብቻ አስቀምጪ» እያለ፣ እኔ አጠብኩ፣ አደረቅሁ፣ ዘይቱን በመርፌ ጫፍ ሰጠሁት፣ መልሼ ገጠምኩት። መስመሩ ሁለት ጊዜ ተቋርጦ ሁለት ጊዜ መልሼ ደወልኩ። ሲያልቅ ሰዓቱን ሞልቼ ስልኩ ላይ አስጠጋሁለት። ብዙ አዳመጠ።

«ልክ ነው» አለ። «ከእንግዲህ አይዘገይም። መቼ ትመጫለሽ?»

«ቡክራ» አልኩት፣ ሳላስበው።

«ምን አልሽ?»

አልደገምኩለትም። ይኸው ሌላ ዝናብ ገብቷል። ሰዓቱ አንዲት ደቂቃ አላጎደለም፤ እኔም አልሄድኩም።