የሞቀው ጠጠር

ከሁሉ በፊት ይቅርታ እጠይቃለሁ። የእጅ ጽሑፌ አያምርም፤ ፊደልም እገድፋለሁ። ከስምንተኛ ክፍል ወዲህ እስክሪብቶ የያዝኩት ከስንት አንዴ ነው፤ ዛሬ ደግሞ ቀኑን ሙሉ ልብስ ሳጥብ ስለዋልኩ ጣቶቼ አብጠው በደንብ አይታዘዙልኝም። እዚህ ጎንደር፣ ማራኪ ሰፈር፣ ከአክስቴ ልጅ ጋር በተከራየናት ክፍል እየኖርኩ የተማሪዎች ልብስ አጥባለሁ። ከማጥብላቸው አንዷ ሜሮን ትባላለች። ለትምህርቷ ብላ ከገጠር የመጣውን ሰው ሁሉ ትጠይቃለች። ባለፈው እኔንም «በእናንተ አገር የቆየ ልማድ ሲቀየር ምንድን ነው የሚቀይረው? ሰው ነው? አጋጣሚ ነው? ወይስ ሥርዓቱ ራሱ ነው የሚላላው?» ብላ ስልኳን ወደ አፌ አስጠጋችው። ድምፄ ሊቀዳ መሆኑን ሳውቅ አፈርኩና አንገቴን ወደ ሳፋው ደፋሁ። «እንግዲያው ጻፊልኝ» አለችኝ። ይኸው እየጻፍኩ ነው።

ልጅ ሳለሁ የምንኖረው ከአምባ ጊዮርጊስ ከፍ ብሎ፣ ነጭ ሽንኩርትና ድንች በመስኖ ከሚበቅልበት፣ በጥር ጠዋት ሣሩ በውርጭ ከሚነጣበት ቀበሌ ነበር። አያ ታከለ የሚባሉ የአባቴ አጎት ሚስታቸው ከሞቱ ወዲህ ከእኛ ጋር ይኖሩ ነበር። ማታ ራት ተበልቶ ሲያበቃ፣ አባቴ ከገበያ የገዛው የፀሐይ መብራት ከምሰሶው ላይ ይሰቀላል፤ ቀኑን ደመና የዋለ እንደሆነ ግን መብራቱ ቶሎ ይደክማል፤ እየፈዘዘ ይሄድና ጠፍቶ፣ የሚቀረን የኩበቱ ፍም ብቻ ይሆናል። አያ ታከለ ተረት የሚጀምሩት ያኔ ነበር። «መብራት በርቶ ተረት አላወራም፤ ጥርሴን ቆጥራችሁ ልትጨርሱት!» ይሉን ነበር። የቀራቸው ጥርስ ጥቂት ነበር። እኛ ልጆቹ መደቡ ላይ ተጠጋግተን፣ ጭሱ ወደ ማን እንደሚዞር እየተጠባበቅን፣ ዓይናችንን እያሸን እናዳምጣቸዋለን።

ብዙ ጊዜ የሚያወሩልን ስለ ሦስት መንገደኞች ነበር። አንደኛው ዕድል ይባላል፤ ዕውር ነው። ሁለተኛው ክንድ ይባላል፤ ብርቱና ችኩል ነው። ሦስተኛው ወግ የሚባል ሽማግሌ ሲሆን፣ ቀስ ብሎ ነው የሚሄደው፤ ሁለቱም ሳይወዱ እሱን ይጠብቁታል። አንድ ቀን ብርድ እየገረፋቸው ከአንድ ግቢ በር ይደርሳሉ። በሩ ተዘግቷል። ወግ «ይህ በር ከውስጥ እንጂ ከውጭ ተከፍቶ አያውቅም፤ እንቀመጥ» ይላል። ክንድ እምቢ ብሎ ትከሻው እስኪላጥ ይገፋዋል፤ በሩ ንቅንቅ አይልም። ደክሞት ሲቀመጥ፣ ዕድል ግድግዳ ፍለጋ ሲደናበር ተደናቅፎ በሩ ላይ ይወድቃል። በሩም ይከፈታል።

«እህ፣ ማን ከፈተው?» ይላሉ አያ ታከለ።

ወንድሞቼ ይጨቃጨቃሉ። ታላቄ «ዕድል ነው!» ሲል፣ ታናሼ «ክንድ አስቀድሞ አነቃንቆታል እኮ!» ይላል። አያ ታከለ አይፈርዱም። ደህና የዋሉ ቀን፣ የበሩን መወርወሪያ ለዓመታት ምስጥ ሲበላው እንደነበረ ይጨምሩበታል፤ የከፋቸው ቀን ደግሞ በሩ ጭራሽ ሳይከፈት ሦስቱም እዚያው በብርድ ያድራሉ። በመጨረሻ ወደ እኔ ዞረው «አንቺስ ማስቴ?» ይሉኛል። ስሜ ማስተዋል ነው። እኔ ነጠላዬን ወደ አፌ ስቤ ዝም እላለሁ። «ተዋት፣ ይቺ ፍርዷን ለሰማይ ነው የምትሰጠው» ብለው ይስቃሉ።

አያ ታከለ የውሃ አባት ነበሩ። የምንጩን ውሃ በመስኖ ቦይ ለየማሳው የሚያከፋፍሉት፣ ሲጣሉ የሚያስታርቁት እሳቸው ናቸው። በእኛ አገር የውሃ ተራ በዕጣ ነው የሚወጣው። ባለማሳው ሁሉ ከምንጩ አንዳንድ ጠጠር ያነሣል፤ መልኳን በዓይኑ ይዞ ለውሃ አባት ይሰጣል፤ እሳቸውም አንድ ቅል ውስጥ ይጨምሯታል። ይህ ሲሆን ዕጣ የምታወጣው ልጅ ፊቷን ወደ ተራራው አዙራ ራቅ ብላ ትቆማለች። ከዚያ ትጠራና እጇን በቅሉ አፍ ከትታ ጠጠሮቹን አንድ በአንድ ታወጣለች። መጀመሪያ የወጣችለት መጀመሪያ ያጠጣል። መጨረሻ የወጣችለት ውሃው እስኪደርሰው ምንጩ ስለሚቀጥን ሽንኩርቱ ይደርቅበታል። ዕጣ አውጪዋ እኔ ነበርኩ። አፍ ስለሌለኝ ነው የመረጡኝ።

ከዕጣው ውጭ የነበረችው እትዬ ብርቄ ብቻ ናት። ሸክላ ሠሪ ነች፤ ባሏ ሞቶባታል። ጠይብ ትባል ስለነበር፣ ከምንጩ በታች የራሷ ማሳ ቢኖራትም ጠጠሯ ከሰው ጠጠር ጋር አይቀላቀልም ነበር። ማታ ማታ ቦዩ ዳር ትቆምና፣ ሁሉም አጠጥቶ ሲጨርስ ትርፍ ካለ ይለቁላታል። ሰው ድስቷን ይገዛል፤ ዓይኗን ግን ይፈራል። ለምን እንደሆነ ጠይቄ አላውቅም፤ ሌላም የጠየቀ አልነበረም።

አንድ ክረምት ዝናቡ በረታና ዳገቱ ተናደ። አሮጌው ቦይ አፈር ውስጥ ተቀበረ። ወንዶቹ ተሰብስበው ቢያዩት፣ አዲስ ቦይ መቅደድ የሚቻለው በእትዬ ብርቄ ጓሮ በኩል ብቻ ሆኖ ተገኘ። ናዳው ሌላ ቦታ ቢወርድ ኖሮ ይህን ሁሉ አልጽፍም ነበር።

እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ከወይራው ሥር ተቀመጡ። እኔ ከአባቴ ኋላ ነበርኩ። እትዬ ብርቄ ራቅ ብላ ቆማ፣ «ቦዩ በጓሮዬ ይለፍ፤ አልከለክልም። እኔ ግን ጠጠሬ ቅሉ ውስጥ ይግባልኝ» አለች።

አያ ደምሌ የሚባሉ ከሁሉ ሰፊ ማሳ ያላቸው ሰው ብድግ አሉ። «የጠይብ ጠጠር ከእኛ ጠጠር ጋር በአንድ ቅል? ነገ ደግሞ ባንድ ገበታ እንቅረብ ትይናለሻ!»

«ምነው አያ ደምሌ፣ ጠጠሩን የማነሣው እርስዎ ከሚጠጡት ምንጭ አይደል? ወጥዎ የሚበስልበትን ድስትስ የጠፈጠፈው የማን እጅ ነው?»

«ድስቱን እሳት ያጠራዋል!»

«እንግዲያው ጠጠሬንም ጠብሼ አመጣልዎታለሁ» አለች። ሰዉ ሳቁን መያዝ አቃተው። አባቴ እንኳ ጋቢውን አፉ ላይ ጣል አደረገ።

አያ ደምሌ አልሳቁም። ተቀመጡና ቀዝቀዝ ባለ ድምፅ፣ «ሸጋ። ለዘንድሮ ይግባላት። ግን ይህን ሁላችሁም ስሙ፤ ከመጨረሻዎቹ ከወጣች እግዜር አልፈቀደም ማለት ነው። ከዚያ ወዲያ ይህን ነገር ማንም እንዳያነሣብን» አሉ። ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩና «ይሁን» አሉ። እትዬ ብርቄ ፊቷ ሲገረጣ አየሁ። ቦዩን አንዴ ፈቅዳለች፤ መመለስ አትችልም። ጠጠሯ ወደ ኋላ ከቀረች፣ የእሷ ብቻ ሳይሆን የልጆቿም ጉዳይ ለዘላለም ያበቃል።

ከዕጣው ቀን በፊት በነበረው ምሽት አያ ታከለ ተረት አላወሩልንም። ወንድሞቼ መደቡ ላይ ተኝተው እኔ ፍሙን አመድ ሳለብስ አጠገቤ መጥተው ቁጢጥ አሉ። ፍሙ ፊታቸውን ከሥር ሲያበራው በጣም ያረጁ መሰሉኝ።

«ማስቴ፣ ደከመኝ» አሉኝ። «የብርቄ እናትም እንዲሁ ቦይ ዳር ቆማ ስትለምን አይቻለሁ። አሁን ደግሞ እሷ። ይህን ዕውር አላምነውም፤ በሌላ በኩል ቢወድቅስ?» ዕድልን ማለታቸው እንደሆነ ገባኝ። «ነገ የእሷን ጠጠር ሳልጨምር በጭብጤ ይዤ አቆያታለሁ። አንቺ ስትጠሪ መጨረሻ እጨምራታለሁ። እጅሽን ስትከቺ የሞቀችውን ፈልጊና አስቀድሚያት። ሰማሽ?»

ራሴን ነቀነቅኩ። ጉልበታቸውን ይዘው እያቃሰቱ ተነሡ።

ጠዋት ውርጩ ገና አልለቀቀም ነበር። እናቴ ለሽማግሌዎቹ ውሃ ቅጂ ብላኝ ከምንጩ ቀድቼ ስመጣ ጣቶቼ ደነዘዙ። ፊቴን ወደ ተራራው አዙሬ ቆምኩ። ከኋላዬ ጠጠሮቹ ቅሉ ውስጥ ሲወድቁ ይሰማኛል፤ ከዚያ አያ ታከለ «ነይ ማስቴ» አሉኝ። ስጠጋ የሁሉም ዓይን እኔ ላይ ነው። አያ ታከለ ቅሉን ዘረጉልኝ። ዓይኔን ጨፍኜ እጄን ከተትኩ። ብዙ ቆየሁ መሰለኝ፤ አያ ደምሌ «ምነው፣ እዚያው ልታድር ነው?» አሉ። አንዷን አወጣሁና ጠፍጣፋው ድንጋይ ላይ አኖርኳት። ነጭ መስመር ያላት ግራጫ ጠጠር ናት።

ሰዉ አንገቱን አስግጎ አያት። ቆይቶ ከኋላ፣ በቀጭን ድምፅ፣ «የኔ ናት» አለች እትዬ ብርቄ። መሬት ላይ ቁጭ አለችና በነጠላዋ ፊቷን ሸፈነች።

የአያ ደምሌ ጠጠር ወደ መጨረሻው ወጣች። «ለጠይቧ አናት፣ ለእኔ ጭራ! እግዜርም ዘንድሮ ሸክላ ሊገዛ ፈልጓል» አሉ፤ ሳቁ፤ ግን የራሳቸው ቃል ስለሆነ ማጠፍ አልቻሉም። አያ ታከለ ወደ እኔ አይተው ዓይናቸውን ጠቀስ አደረጉ።

በሚቀጥለው ዓመት ማንም አልተከራከረም። ጠጠሯ ቅሉ ውስጥ ገባች፣ በቃ። ከዚያም በኋላ እንዲሁ። ይህ ማለት ግን ሁሉ ነገር ተቀየረ ማለት አይደለም። አያ ደምሌ እስከ ዛሬ ቤቷ ገብተው እህል አይቀምሱም፤ ልጇን ትምህርት ቤት ከእኔ ጋር ወንበር ስትጋራ «ጠይቧ» የሚሏት ልጆች ነበሩ። ውሃው ብቻ ነው በተራ የደረሳት። እኔም ስምንተኛ ክፍልን የጨረስኩ ዓመት ወደ ላይ የምቀጥልበት ትምህርት ቤት ተዘጋ፤ መንገዱም ከፋ፤ አባቴ «ይከፈታል፣ ጠብቂ» ሲለኝ ጠበቅኩ፣ ጠበቅኩ፣ መጠበቁም ሲደክመኝ ጎንደር መጣሁ። አንዳንዴ ሳፋው ላይ ጎንበስ ብዬ ያን በር ማን እንደዘጋው አስባለሁ። ገፍቼው ነበር ወይ? እንጃ። ሲመሽ ይህን እንኳ አስቤ ሳልጨርስ እንቅልፍ ይወስደኛል።

ወደ ጎንደር ከመምጣቴ በፊት አያ ታከለ ታመው ተኝተው ነበር። ልሰናበታቸው ከመደቡ አጠገብ ተቀመጥኩ። ፍሙ ሊከስም ደርሶ ነበር። መዳፋቸውን ዘርግተው አዩት፤ ከዚያ እኔን አዩኝ።

«ሞቃ ነበር፣ አይደል?» አሉኝ።

«አዎ አያ፣ ሞቃ ነበር።»

ፊታቸው በራ። ጥግ ላይ የተጋደሙትን ታናናሾቼን ጠሩና፣ እያሳላቸው፣ የሦስቱን መንገደኞች ተረት ጀመሩላቸው። ያን ቀን ለመጀመሪያ ጊዜ ፈረዱ። «ክንድ ነው የከፈተው» አሉ። «ወግ ተቀምጦ ነበር፤ ዕውሩም በቦታው አልነበረም። ክንድ ነው።» ማረፋቸውን የሰማሁት እዚሁ ማራኪ፣ ልብስ ሳሰጣ፣ በስልክ ነው።

ሜሮን፣ የጠየቅሽኝን አልመለስኩልሽ ይሆናል። ይህን ለእሳቸውም፣ ለእናቴም፣ ለእትዬ ብርቄም ነግሬ አላውቅም። ያን ጠዋት ቅሉ ውስጥ ደጋግሜ ዳሰስኩ፤ የሞቀችውን በእውነት ፈለግኩ። ጣቶቼ ግን ደንዝዘው ስለነበር ጠጠሮቹ ሁሉ አንድ ዓይነት ሆኑብኝ፤ አንዷም አልሞቀችኝም። አያ ደምሌ ሲጮኹብኝ ደነገጥኩና እጄ ላይ የነበረችውን አወጣሁ።