ዱባ በጊፋታ ማዕድ

ዱባ አድኖን የምናፍርበት ነገር ነው። በ2000 ዓ.ም. ክረምት፣ በቢሮ ቋንቋ «የምግብ እጥረት» የተባለው ራብ የወላይታዋን ገሱባ ሲያንገላታ፣ የስንቱን ቤት ልጅ በሕይወት ያቆየው ዱባ ነበር። ጠገብንና ረሳነው። እንዲያውም «ዱባ በላ» ብለን ስድብ አደረግነው። ምን ዓይነት ሆድ ነው ውለታ የማያውቀው!

አሳየሽ ግን አልረሳችም። ልጆቿ ዛሬ ትምህርት ቤት የሚሯሯጡት በዚያ ዱባ ነው። ስለዚህ ከራቡ በኋላ በሦስተኛው ዓመት የባሏ ታላቅ ወንድም ዳልጮ ጓሮዋን አይቶ በቤተ ዘመድ ፊት ሲያስቅባት ደሟ ፈላ።

«ይሄን የራብ ጓዝ አሁንም አልጣልሽውም? ለጊፋታም ልታበዪን ነው?»

«አዎ፣ ጋሼ ዳልጮ! ዘንድሮ ከሥጋው ጎን ይቀርባል። እርስዎም ጨምሪልኝ ይላሉ።»

«እኔ? ያን ቀን ምላሴን ቁረጪው!»

ቃል ከአፍ ወጣ። ጊፋታ ደግሞ የወላይታ አዲስ ዓመት ነው፤ ቅቤ ሲጠራቀምለት የሚከርም፣ በሬ የሚጣልበት ማዕድ። እዚያ ላይ የተዋረደ ሰው ዓመቱን ሙሉ መሳቂያ ሆኖ ይከርማል።

አሳየሽ ከማግባቷ በፊት ሶዶ በአንድ እንግዳ ማረፊያ ወጥ ቤት ስትሠራ፣ አትክልት በስኳርና በአቼቶ አፍልቶ በጠርሙስ ማሸግ ተምራለች። የሶዶዋ ባለሱቅ ናጂያ ባዶ የማርማላታ ጠርሙሶች ከነክዳናቸው ሰበሰበችላት። «ዱባ በስኳር? ሳልቀምስማ አልለቅሽም!» አለቻት እየሳቀች።

አሳየሽ ዱባውን ልጣ፣ ቆራርጣ፣ በጨው ውኃ አሳደረችው። አቼቶውን ከስኳር፣ ከዝንጅብልና ከኮረሪማ ጋር አፍልታ ዱባውን ጨመረችበት፤ ጠርዙ ብርሃን ማሳለፍ ሲጀምር ትኩሱን በጠርሙስ ሞላች። ጠርሙሶቹን ከሥሩ ጨርቅ ባነጠፈችለት ድስት፣ ውኃ ውስጥ ቀቀለቻቸው። ሲበርዱ ክዳኖቹ «ቀጭ!» እያሉ ወደ ውስጥ ሰረጎዱ። ታሸገ ማለት ነው።

በሳምንቱ ከገበያ ስትመለስ ጠርሙሶቹ ሁሉ አረፋ ደፍቀዋል። አማቷ እማማ የማርያምወርቅ አጠገባቸው ደስ ብሏቸው ተቀምጠዋል።

«እማማ፣ ማን ከፈተው?»

«እኔ ነኝ ልጄ። በየማለዳው አስተነፍስልሻለሁ። ቆጮስ ጉድጓዱን ከፍተው ካላገላበጡት መቼ ይበስላል? አንቺ አፍነሽ ልትገድይው!»

አሳየሽ መሬት ላይ ዘጭ አለች። መቆጣት ቀላል ነበር፤ ግን እነዚያ እጆች ዕድሜ ልካቸውን እንሰት ቀብረው፣ አውጥተው ቤት ያቆሙ ናቸው። ጥፋቱ ያስረዳቸው ሰው አለመኖሩ ነው። በአገራችን አዲስ ነገር ይዞ የሚመጣ ሁሉ ለአሮጊት ማስረዳት ክብሩን የሚቀንስበት ይመስለዋል! አሳየሽ እንባዋን ጠርጋ ተናገረች፦ «ይሄኛው፣ እማማ፣ አየር ከነካው ይበላሻል። የሚቆየው ሲታፈን ነው።»

«እንዲህ በይኛ!»

ከማድቤቱ ጣራ የቀሩትን ዱባዎች አወረደች፤ እማማ ላጡ፣ እሷ አፈላች። ከዚያ ወዲያ እማማ ራሳቸው የጠርሙሶቹ ዘብ ሆኑ። ማንም ቢጠጋ ከዘራቸውን ያነሣሉ፦ «እጅህን ሰብስብ!»

ጊፋታ ደረሰ። ጥሬ ሥጋው፣ ቅቤው፣ የሚያቃጥለው የቃሪያ ዳጣ ቀረበ። የሁሉም አፍ በስብ ሲታሰር አሳየሽ ወርቅ የመሰለውን ሳህን መሃል ላይ አኖረች። ዳልጮ አላወቀውም። ቀመሰ፤ ደገመ። ጣፋጩና ኮምጣጣው ስቡን ከአፉ ጠርጎ ሥጋውን እንደ አዲስ አስጀመረው። ሳህኑ ባዶ ቀረ።

«ጨምሪልኝ እንጂ!» አለ።

«ምኑን ልጨምር፣ ጋሼ?»

«ይሄን… ቢጫውን።»

«ስም አለው።»

እማማ የማርያምወርቅ የመጨረሻውን ጠርሙስ ጭናቸው ላይ አድርገው ክዳኑን በመዳፋቸው ከደኑት። «ሳትጠራው አልከፍተውም!»

ዳልጮ ግራ ቀኙን አየ። በዚያ ክረምት የእሱንም ልጆች ያተረፋቸው ይኸው ነበር፤ ቤተ ዘመዱ ሁሉ ያውቃል።

«ዱባ» አለ ቀስ ብሎ።

«አልሰማንም!» አሉ ሴቶቹ ከጓዳ።

«ዱባ! ዱባ ስጡኝ አልኩ!»

እልልታው ጎረቤት ድረስ ተሰማ። አሳየሽ የሥጋውን ቢላዋ አነሣች። «ምላስዎንስ፣ ጋሼ?»

«ተይለት፤ ገና ይበላበታል!» አሉ እማማ፤ ክዳኑንም «ቀጭ!» አድርገው ከፈቱት።