ጋሼ ለጃፓኖቹ ሲናገርላቸው

«መቀመጫሽ ላይ እሾህ አለ እንዴ? አንድ ቀን እንኳ ፊልሙ እስኪያልቅ ቁጭ ብትዪ ምናለበት!»

አጎቴ ጋሼ ሁሌ እንዲህ ይለኝ ነበር። እኔ ደግሞ ቁልፌን አንስቼ እወጣለሁ።

እዚህ ባሕር ማዶ፣ ከፌርፋክስ አለፍ ብሎ ባለው አፓርታማቸው እሁድ እሁድ የሚከፍተው አንድ የጥንት የጃፓን ፊልም ነበረው። ድምፅ የለውም። ባልና ሚስት የበረዶ ተራራ ያቋርጣሉ፣ በቃ። እውነቱን ለመናገር ያሰለቻል። ግን ባለቤቱ እትዬ ዓይኗ ከጠፋ ወዲህ ጋሼ ለጃፓኖቹ በአማርኛ ይናገርላቸው ጀመር።

«አይዞሽ እመቤቴ፣ ትንሽ ነው የቀረን» ይላል ባልየው።

«ትላንትም ትንሽ ነው ብለህ ነበር!» ትላለች ሚስትየው፣ በጋሼ ቀጭን ድምፅ። እትዬ በሳቅ ትፈርሳለች።

ጋሼ ከተቀበረ በኋላ በመጀመሪያው እሁድ እትዬ፣ «ፊልሙን ክፈቺና እንደሱ አውሪልኝ» አለችኝ። የሱ ወንበር ላይ መቀመጥ አልቻልኩም፤ ምንጣፉ ላይ ሆኜ እንደምንም ቀባጠርኩ። መጨረሻው ላይ ባልየው በረዶው ውስጥ ወድቆ ቀረ። ሚስትየው ብቻዋን ወደ መንደሩ ወረደች። ይሄን ግን አላወራሁላትም።

«አለቀ እንዴ? እሱ እኮ መጨረሻ ላይ ‹ደረስን፣ በይ እሳቱን አንድጂው› ይል ነበር።»

«ደረሱ፣ እትዬ።»

«ሁለቱም?»

«ሁለቱም። እሳት እየሞቁ ነው።»

«ጎሽ። እሱም እዚህ ጋ ሲደርስ ድምፁ ይንቀጠቀጥ ነበር።»

ቲቪውን አጠፋሁ፤ ግንባሯን ሳምኳትና ቁልፌን አንስቼ ወጣሁ።