ንግሥቲቱ ፈረመች ወይ?

እህቴ ዝላትካ በቴሌቪዥን የሠራችው አምስት ሳምንት ብቻ ነው። ሰው ሲጠይቀኝ “ትንሽ ጊዜ ተውናለች” እላለሁ፤ እንዲህ ስል ግን ቅር ይለኛል። ቴሌቪዥን ቡልጋሪያ በገባ በሦስተኛው ዓመት ነው። ያኔ ድራማ ቀድሞ አይቀረጽም፤ ተዋናዩ ሶፊያ ላይ ሲናገር እኛ መንደራችን ሆነን በዚያችው ደቂቃ እንሰማዋለን። ያመለጠው ሰው አመለጠው ነው።

አባታችን ገንቾ በርሜል ሠሪ ነው፤ አንዴ የተናገረውን አያጥፍም። እህቴ ተዋናይ ልሁን ብላ ስትሄድ “እኔ አዝማሪ አልወለድኩም” አለ፤ ከዚያ ወዲህ ሁለት ዓመት ሙሉ አላናገራትም። እሷ ከማንም ጭብጨባ ይልቅ የምትናፍቀው የሱን አንዲት ቃል ነበር።

በዚያ ዓመት ማርች ሲገባ እናቴ በአገራችን ልማድ ሁላችንም በየእጃችን የምናስረውን ቀይና ነጭ ክር በደብዳቤ ላከችላት። የመጀመሪያው ሽመላ እስኪታይ አይፈታም። ከደብዳቤው ግርጌ “የገመደው አባትሽ ነው። እንደነገርኩሽ እንዳይሰማ” ብላ ጽፋለች።

ሽመላው ገና ሳይመጣ ዝላትካ የባዕድ አገር ንግሥት ሆና እንድትጫወት ተመረጠች። የመጀመሪያው ትልቅ ሚናዋ ነበር። የድራማው አዘጋጅ ክሩን አየና “እመቤቴ፣ የዚያ አገር ንግሥት ይህን አታስርም። ፍቺው” አላት። እሷም “እሺ” ብላ ወደ ክርኗ ገፋ አደረገችውና በእጅጌዋ ሸፈነችው። መፍታቱን እጇ እምቢ አላት።

ድራማው በሚተላለፍበት ምሽት መንደርተኛው በመንደሩ የንባብና የመሰብሰቢያ አዳራሽ ባለው ብቸኛ ቴሌቪዥን ፊት ተሰበሰበ። አባዬ “የአዳራሹ ማሞቂያ ምድጃ ያጨሳል አሉ፤ እሱን ልይ ብዬ ነው” እያለ መጥቶ ጥግ ያዘ። ምድጃውን ዞር ብሎም አላየው።

በድራማው ዳኛው ንግሥቲቱን ወንድሟን ክዳ እንድትፈርም ያስገድዳታል። ብዕሩን ልትቀበል እጇን ስትዘረጋ እጅጌዋ ወደ ላይ ሸሸ፤ ካሜራው ደግሞ እጇ ላይ ነበር። ክሩ ስክሪኑን ሞላው።

“ገንቾ፣ ንግሥቲቱ የኛ ሰፈር ልጅ ናት እንዴ?” አለ ጎረቤታችን ሚንቾ። ቤቱ በሳቅ ተሞላ። አባዬ ብድግ ብሎ ወጣ። ተከትዬው ስወጣ ግድግዳውን ተደግፎ ያለቅሳል።

“ጭሱ ነው” አለኝ።

በማግስቱ ዝላትካ በክሩ ሰበብ ከሥራ መሰናበቷን ሰማን። አባዬ የክት ልብሱን ለበሰ፤ እኔን አስከትሎ ሶፊያ ድረስ ሄደና አዘጋጁ ፊት ኮፍያውን አወለቀ። “ክሩን የገመድኩት እኔ ነኝ፤ ጥፋቱም የኔ ነው። ልጄን ወደ ሥራዋ መልስልኝ” አለው። ሰውየው በትሕትና ሰማው፤ ግን አልመለሳትም።

ዝላትካን ይዘን በባቡር ተመለስን። አባዬ ሻንጣዋን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ፊት ለፊቷ ተቀመጠ። ሁለት ጣቢያ አለፍን።

“ፈረመች?” አላት ድንገት።

“ማን?”

“ንግሥቲቱ ናታ። መጨረሻውን አላየሁትም።”

“አልፈረመችም፣ አባዬ።”

“ታዲያ ዳኛውን ምን አለችው?”

ዝላትካ ዓይኗን ጠርጋ ቀና አለች። ባቡሩ ዘንቢል የያዘ ገበያተኛ ሞልቶታል፤ አባዬን እንዳታሳፍረው ፈርታ የንግሥቲቱን ቃል በሹክሹክታ ጀመረች። ትንሽ አዳመጣትና እጁን አነሳ።

“ከፍ አድርጊው እንጂ፣ ልጄ” አላት። “በሩ ጋ ያሉት ሰዎች አይሰሙሽም።”