የሙሴ ያኒ ሳጥን

ልጅ ሳለሁ፣ ሚኤሶ ላይ ጅብም ጂኒም እያለ፣ እኔ የምፈራው የሙሴ ያኒን ሳጥን ነበር።

ፊደል አልቆጠርኩም። ይህን የምትጽፍልኝ የልጄ ልጅ ናት፤ እኔ እናገራለሁ፣ እሷ ትጽፋለች፣ ዝም ስል ትጠብቀኛለች።

ያኔ ቤታችን ከባቡር ጣቢያው ጀርባ ነበር። አባቴ ሞቷል። እናቴ አዮ ወተት ትሸጣለች፣ ታላቅ እህቴ ፋጡማ ውሃ ትቀዳለች፣ እኔ ደግሞ ጀንበር ስታዘቀዝቅ ወተት ለሙሴ ያኒ አደርሳለሁ። ፈረንጁን ሁሉ «ሙሴ» ነበር የምንለው፤ ሙሴ ያኒ የግሪክ ሰው ነበሩ፤ ከባቡሩ ሥራ ጋር መጥተው፣ ሥራው ሲያልቅ እዚያው ቀርተው፣ ጋዝና ብስኩት የሚሸጡበት ሱቅ ከፍተው ብቻቸውን ያረጁ። ከሱቁ ጀርባ ባለችው ክፍል፣ ጠረጴዛ ላይ፣ ጥቁር ጨርቅ የለበሰ ሳጥን ነበራቸው፤ ወደ አንድ በኩል እየጠበበ የሚሄድ፣ እኔን የሚያህል። የሰፈሩ ልጆች «ልጃቸው ነው ውስጡ ያለው፤ መቅበር አቅቷቸው ነው» ይሉ ነበር። እኔም አመንኩ። ወተቱን አስቀምጬ ስወጣ ጀርባዬን ለሳጥኑ ሰጥቼ አላውቅም።

አንድ ምሽት ስገባ ሙሴ ያኒ ክፍሏ ውስጥ የሉም። ማሾው በርቷል። ለወባ ትንኝ ብለው ኩበት ያጨሱ ስለነበር ጭሱ ጉሮሮዬን ያዘኝና ሳልኩ። ከጨርቁ ሥር አንድ ነገር መለሰልኝ። ሰው አፉን ዘግቶ እንደሚያንጎራጉረው ያለ ቀጭን ድምፅ፤ ትንሽ ቆየና ጠፋ። የወተቱ ቅል ከእጄ ወደቀ። ዞሬ ስሮጥ በሩ ላይ ከሙሴ ያኒ ሆድ ጋር ተጋጨሁ።

«አንቺ ጀማል! የት ነው የምትሮጪው?» አሉኝ። ወንዱንም ሴቱንም «አንቺ» ነበር የሚሉት፤ አማርኛ የተማሩት ከገበያ ሴቶች ነው ይባል ነበር።

«ልጁ… ልጁ መለሰልኝ።»

«የቱ ልጅ?»

በጣቴ አሳየኋቸው። አዩኝ፣ ሳጥኑን አዩ፣ ከዚያ ሆዳቸውን ይዘው ሳቁ። እጄን ጎትተው ወሰዱኝና ጨርቁን ገፈፉት። ዓይኔን ጨፍኜ ነበር። ስገልጠው ሬሳ የለም፤ ሽቦ ብቻ ነው፤ ብዙ ሽቦ፣ እንደ ሀዲድ ጎን ለጎን የተዘረጋ፣ የማሾው ብርሃን የሚሮጥበት።

«ሳንቱሪ ይባላል፣ የአገሬ ክራር በይው» አሉ። «በይ አሁን እንደገና ሳዪ።»

ሳልኩ። መለሰ።

«ፈራሽ?»

«አዎ።»

«ጥሩ። እኔም እፈራዋለሁ።»

እንዲህ ነው መማር የጀመርኩት። የሳንቱሪ መምቻ ጫፋቸው ላይ ጥጥ የተጠቀለለባቸው ሁለት ቀጫጭን ዘንጎች ናቸው። እኔን ግን ብዙ ጊዜ ዘንግ አላስነኩኝም፤ መዳፌን ሳጥኑ ላይ አድርጌ ዝም ማለት ብቻ ነበር ሥራዬ። ሊትሪናው፣ ሰው የሚጭነው ባቡር፣ ከሩቅ ሲመጣ፣ ጆሯችን ሳይሰማው፣ መሃል ያሉት ሽቦዎች ቀድመው ያንጎራጉራሉ። የጭነት መኪና ሲሆን ከነሱ ቀጥለው ያሉት። ሙሴ ያኒ «ማን መጣች?» ይሉኛል፤ እኔ «ሊትሪና» ወይም «መኪና» እላለሁ። በትክክል ብመልስም እጄ ያልበኝ ነበር። ሽቦውን ባይኔ አይቼም ያ የሞተ ልጅ ከውስጤ አልወጣም።

ዘንጉን ሲሰጡኝም ሕጉ አንድ ነበር፦ «ምቺ። ያዢ። ስሚ።» ትንሽ ተመትቶ፣ ሽቦዎቹን በመዳፍ ዝም አሰኝቶ፣ ሳጥኑ ምን እንደሚል ይሰማል። ከዚያ ነው የሚቀጠለው። የአገራቸውን ዘፈን አስተማሩኝ፤ እኔ ደግሞ ወተት ሻጮቹ በኦሮምኛ የሚዘፍኑትን ለማውጣት ስፍጨረጨር «እሷ ትበልጣለች፣ እሷን ምቺ» ይሉኝ ነበር። ቤት ስገባ ፋጡማ ትጠብቀኛለች። «አዮ፣ የሬሳ ሳጥን ደብዳቢው መጣ! እጁን ታጥቧል?» ፋጡማ ምንም ነገር አትፈራም ነበር።

አንድ ተረት ነበራቸው፤ የሚነግሩኝ ሽቦ ሲያጠብቁ ነው። በቁልፍ ትንሽ ያዞራሉ፣ ትንሽ ይናገራሉ። ሽቦ ሲወጠር ተበጥሶ ዓይን ሊያጠፋ ስለሚችል ፊቴን እንድመልስ ያዝዙኛል፤ ስለዚህ ያን ተረት ሁሌም የሰማሁት ግድግዳው ላይ ያለውን ጥላቸውን እያየሁ ነው። ጥላው እጁን ሲያዞር አንገቴ የሚጠመዘዝ ይመስለኝ ነበር።

ከባሕር ጠርዝ ላይ አንድ መንደር ነበር አሉ። ሠርግ ነው። ሳንቱሪ የሚመታው ሰውዬ ጎበዝ ነው፣ እጁ አያርፍም። ሳጥኑ ከሥር ያንጎራጉራል፤ ባሕሩ ሊመጣ ነው ይላል። ሰውዬው ግን አይሰማም፣ በራሱ ድምፅ ሸፍኖታል፤ ሰዉ ያጨበጭባል፣ ጨምር ጨምር ይለዋል። ባሕሩ መጣ። ሲነጋ መንደር የለም። ሳጥኑ ብቻ ውሃው ላይ ተንሳፍፏል፤ ላዩ ላይ አንድ ሕፃን ተኝቷል።

«ባሕር ምን ያህላል?» አልኩ፣ አይቼ አላውቅማ።

«ከዚህ እስከ አዋሽ፣ ውሃ ብቻ።»

«ሕፃኑስ?»

«በይ ሂጂ፣ አዮ ትቆጣለች።»

በጨለማ ወደ ቤት የምሄደው እየሮጥኩ ነበር። ከኋላዬ ባሕሩ ያለ ይመስለኛል።

አንድ የበጋ ቀን ነው፤ ሚኤሶ ላይ ደመና የሚባል የለም። ከላይ፣ ጨርጨር ተራሮች ላይ፣ ሰማዩ ጠቁሯል፤ እሱን ግን የደጋ ሰዎች ጉዳይ ብለን እንተወው ነበር። ከሰዓት በኋላ ነው። ሙሴ ያኒ ሱቅ ውስጥ ከገበያተኛ ጋር ይከራከራሉ፣ እኔ ብቻዬን እለማመዳለሁ። መታሁ። ያዝኩ። ሰማሁ።

ወፍራሞቹ ሽቦዎች አልቆሙም። እነሱ በራሳቸው ሲያንጎራጉሩ ሰምቼ አላውቅም ነበር። በሁለት እጄ ተጫንኳቸው፤ ድምፁ ጠፋ፣ እንጨቱ ግን ከመዳፌ ሥር ይንቀጠቀጣል። በመስኮት አየሁ። ሊትሪና የለም። መንገዱ ላይ መኪና የለም፤ ውሻ ተኝቷል። ያልፋል ብዬ ጠበቅሁ። እየባሰበት ሄደ። ያኔ ተረቱ መጣብኝ፣ ወዲያው ደግሞ ፋጡማ። በበጋ ወንዛችን አሸዋ ብቻ ነው፤ ውሃ የሚገኘው አሸዋው መሃል ጉድጓድ ቆፍሮ ነው። በዚያ ሰዓት ፋጡማ እዚያ ጉድጓድ ውስጥ ናት።

ከተሳሳትኩ ሰፈሩን ሁሉ ታስቅብኛለች። ካልተሳሳትኩስ? እንዴት እንደተነሳሁ አላውቅም፤ የማስታውሰው አሸዋው እግሬን ሲያቃጥለኝ ነው።

«ሎላ! ፋጡማ፣ ሎላ መጣ!» ጎርፍ ማለቴ ነው፤ ስደነግጥ ኦሮምኛው ይቀድመኛል።

ጉድጓዱ ውስጥ እስከ ወገቧ ገብታ ውሃ በጣሳ ትጨልፋለች። ቀና ብላ ሰማዩን አየች። «ማን ነገረህ? ሬሳው?»

«ውጪ በአላህ!»

«ቆርቆሮዬ ገና አልሞላም። አቦ፣ ሂድልኝ!»

ጆሮዬን አቀናሁ። ምንም የለም። ወፍ ብቻ ይጮሃል። እኔም ራሴን ተጠራጠርኩ፤ መዳፌ ግን ያን እንጨት አልረሳም። ስትጨልፍ የዋለችበትን ቆርቆሮ አነሳሁና ውሃውን አሸዋው ላይ ደፋሁት፤ ባዶውን ይዤ ወደ ዳገቱ ሮጥኩ።

«አንተ ውሻ! ዛሬ እገድልሃለሁ!»

ከጉድጓዱ ዘላ ወጣች፣ ጫማዋን እንኳ አላደረገችም። ዳገቱ ላይ፣ ግራሩ ሥር፣ ኮሌታዬን ያዘችኝ። አንድ ጊዜ በጥፊ መታችኝ። ለሁለተኛው ያነሳችው እጅ አየር ላይ ቀረ።

መጣ። ውሃ አይመስልም ነበር፤ ቡናማ ነው፣ ግንድ ተሸክሟል፣ መሬቱ ይጮኻል። ጉድጓዷም፣ ጣሳዋም፣ ጫማዋም ዓይናችን እያየ ጠፋ። የፋጡማ እጅ ቀስ ብሎ ወረደና ራሴ ላይ አረፈ። ፋጡማ ስትፈራ ያየሁት ያኔ ነው።

ማታ ለሙሴ ያኒ ነገርኳቸው። አልሳቁም፣ አላመሰገኑኝምም። ሳጥኑን በጎኑ አቆሙና ሥሩን በማሾው አሳዩኝ፤ እንጨቱ ላይ ነጭ ነገር ተጋግሯል።

«ቅመሺ» አሉኝ።

በምላሴ ነካሁት። ጨው ነው።

«ሕፃኑስ ብለሽ ጠይቀሽኝ አልነበር? ይኸው፣ አርጅታ ጋዝ ትሸጣለች» አሉና ጥቁሩን ጨርቅ መልሰው አለበሱት።

ሲሞቱ ሳጥኑን ለእኔ ትተውልኝ ሄዱ። ወደ ጭሮ ከተማ ከወጣሁ በኋላ ሽቦ የሚሸጥ ስለሌለ የቢስክሌት ፍሬን ሽቦ እየፈታሁ ቀየርኩት፤ ድምፁ እንደ ድሮው አይደለም። መሰላም ሂርናም ድረስ ለሠርግ ተጠርቻለሁ። ሰው ለጭፈራ ሲሞቅ እኔ ሽቦውን በመዳፌ ይዤ አቆማለሁ። በስልክ የሚቀርጹት ወጣቶች «ሽማግሌው ረሱት» ይላሉ። አንዳንዱ «ጨምሩ አባባ!» ሲለኝ ደግሞ ላብ ያጠምቀኛል። ሰው ዝምታዬን ጨዋነት አድርጎ ነው የሚቆጥረው፤ ከፍርሃት የመጣ መሆኑን የምታውቀው ፋጡማ ብቻ ናት።

እሷ አሁን ሂርና ናት፣ አያት ሆናለች። ተራራው ላይ ደመና ሲከብድ ትደውላለች።

«አሰላሙ አለይኩም። ሬሳው ምን ይላል?»

ወደ ክፍሌ እገባና መዳፌን ሳጥኑ ላይ አኖራለሁ። ጫት የጫኑት መኪናዎች አስፋልቱ ላይ እየበረሩ ያልፋሉ፤ እነሱ እስኪርቁ እጠብቃለሁ። ያቺ አፏ የማያርፍ ሴትዮ ስልኩ ውስጥ ስትተነፍስ ብቻ ይሰማኛል።

«ዝም ብሏል» እላታለሁ።

«አልሐምዱሊላህ» ትልና ትዘጋለች።

እኔ ግን እጄን ቶሎ አላነሳም።