የወረታ ገበያ አልቃሽ

ሴትዮዋ የራሷን ስም አትናገርም፤ ለዘመቻ የተወሰዱትን ልጆች ስም ግን አንዱንም አትረሳም። በየገበያው ቀን ከቁሐር ሚካኤል ረግረጉን አቋርጣ ወረታ ትደርሳለች፤ ከል የገባው ቀሚሷ እስከ ጉልበቷ በጭቃ ተለውሷል። እህል ተራው መሐል ቆማ መቀነቷን ታጠብቅና ድምጿን ትለቃለች።

«አበረን ወሰዱት እየመቱ ከበሮ፤
እናቱ ጠየቀች፣ የት ዋለ ዘንድሮ?»

ለጦር ግንባር የተወሰደ ልጅ መርዶው በቀበሌ ካልተነገረ ማልቀስ ክልክል ነው። ዛሬ ሊቀ መንበሩ የአብዮት ጥበቃውን አንለይን፣ «ሌላ ስም ካነሳች እሰራት» ብሎ ልኮታል።

አንለይ ጠመንጃውን እንዳነገተ ቀረባት። «እትዬ፣ ይብቃዎት። አያልቅሱ ተብለዋል።»

«መቼ አለቀስኩ?» ፊቷን አስጠጋችለት። እውነትም አንዲት የእንባ ጠብታ የለባትም! «ጠየቅሁ እንጂ። መልሱን ይዘህ ከመጣህ ዝም እላለሁ።»

ገበያተኛው ሳቀ። አንለይ አፍሮ ክንዷን ጨምድዶ ያዘ። እሷ ግን አልታገለችውም፤ ለቅሶ ቤት የሟቹን ዘመድ እንደምትጠይቀው ሁሉ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «ከናንተስ ቤት ማን ሄደ፣ የኔ ልጅ?» አለችው።

ታናሽ ወንድሙ ከተወሰደ ሁለት ክረምት አልፏል። ከዚያ ወዲህ ቤታቸው ውስጥ ስሙን የሚጠራ የለም፤ እናቱ እንኳ ፈርታለች።

አንለይ ክንዷን ለቀቀ።

«ያየህ» አለ፣ እህል ተራው ሁሉ እስኪሰማው።

ሴትዮዋ መቀነቷን እንደገና አጠበቀች።

«ያየህን ወሰዱት...»

ቀሪውን ገበያው ተቀበላት።