የአውሮፕላኔ ቁጥር

ልጄ ቅዳሜ ቅዳሜ ሞንትቤሎ የሚባል የዴንቨር ሰፈር ትሄድ ነበር። እዚያ አንድ ሻምበል ይኖራሉ፤ በጦርነቱ ዘመን አገር ቤት እኔ መካኒክ በነበርኩበት የአየር ምድብ አብራሪ ነበሩ። እዚህ አሜሪካ፣ ዴንቨርና ኦሮራ ያለን የቀድሞ አየር ኃይል ባልደረቦች የምድባችን ታሪክ ለልጆቻችን ይጻፍ ብለን ተስማማንና ጸሐፊነቱ ለእሳቸው ተሰጠ። እሳቸው ያወራሉ፣ ልጄ በላፕቶፕ ትተይባለች።

ቀናሁ። ሌላ ስም አልሰጠውም። አሁን ሁለታችንም ኤርፖርት ነው የምንሠራው፤ እሳቸው መንገደኛ የሚያመላልስ ሻትል ይነዳሉ፣ እኔ ዊልቸር እገፋለሁ። አፌ ግን እስካሁን “እርስዎ” ማለቱን አልተወም። ይሁን፣ እሱስ ለመድኩት። ዕድሜዋን ሙሉ “እዚያ ምን ትሠራ ነበር?” ብላኝ የማታውቅ ልጄ ራት ላይ የሻምበሉን በረራ ስትተርክልኝ ግን የጠቀለልኩትን ጉርሻ መልሼ አስቀምጣለሁ።

“አባዬ፣ ሪሊ ብሬቭ ናቸው እኮ” አለችኝ አንድ ቀን።

“አውሮፕላኑን ማን አዘጋጅቶ ሰጣቸው?” አልኳት።

“ኦኬ፣ ማን?”

ተናድጄ ስለነበር ሰሐኔን ይዤ ተነሣሁ።

እኛ ዘንድ አውሮፕላን የመካኒኩ ናት። አብራሪው ዛሬ ይቺን፣ ነገ ያቺን ይዞ ይነሣል፤ መካኒኩ ያለችው አንዲት ናት። ለበረራ ብቁ ናት ብሎ መዝገቧ ላይ ይፈርማል፣ መሰላል ላይ ወጥቶ የአብራሪውን ቀበቶ ያስራል፣ ከዚያ እስክትመለስ ሜዳው ላይ ቆሞ ሰማይ ሰማዩን ያያል። ከእኔዋ ጋር የተነሣሁት ፎቶ ሳሎናችን ግድግዳ ላይ ተሰቅሏል፤ ጅራቷ ላይ ያለው ቁጥር ቁልጭ ብሎ ይታያል።

ረቂቁ ሲያልቅ ኮልፋክስ ጎዳና ላይ አንድ ሬስቶራንት ውስጥ ተሰበሰብንና ልጄ ታነብልን ጀመር። ሻምበሉ አውሮፕላናቸው ተመትታ፣ ነዳጅ እያፈሰሰች የተመለሱበት ጠዋት ላይ ስትደርስ ሰው ሁሉ ወንበሩን ወደ እሷ አስጠጋ። የአውሮፕላኑን ቁጥር አነበበች። የእኔዋ ቁጥር ነው።

እንዲህ ያለ ስሕተት ስጠብቅ ነበር የከረምኩት። ቀጣዩን መስመር ሳታነብ ተነሣሁ።

“ሻምበል፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። ያቺ አውሮፕላን ያን ቀን አልተነሣችም። ሞተሯን ያወረድኩት እኔ ነኝ፤ በማግስቱም አልተገጠመም። ታሪክ ከተባለ ታሪክ ይሁን።”

ሻምበሉ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ። “ልክ ነህ፣ ሃምሳ አለቃ። ቁጥር ላይ ድሮም ደካማ ነኝ” አሉ። ከዚያ ወደ እሷ ዞረው፣ “ሰርዢው፣ ልጄ” አሏት።

አንቀጹን ሙሉ ሰረዘችው። ደስ አለኝ፣ አልዋሽም። “ልጄ” ማለታቸው ብቻ ከነከነኝ።

ቤት ስንገባ ላፕቶፑን ከፍታ የተሰረዘውን መልሳ አወጣችና ፊቴ አስቀመጠችው። ከቁጥሩ ቀጥሎ ስሜ ከነማዕረጌ፣ ከነአባቴ ተጽፏል። “ያን ጠዋት ቀበቶዬን ያሰረልኝ እሱ ነው፤ ስመለስም እዚያው ቆሞ አገኘሁት” ይላል።

“ማን አዘጋጀው ብዬ ጠየቅኳቸው” አለች። “ቁጥሩን አላስታውስም፣ አባትሽን ግን አስታውሳለሁ አሉኝ። ቁጥሩን ያስገባሁት እኔ ነኝ፣ ከፎቶው ላይ አይቼ።”

ያኔ ትዝ አለኝ። የእኔዋ ሞተሯ ስለወረደ፣ አጠገቧ የምትቆመው የጎረቤቷ አውሮፕላን መካኒክም ስለታመመ፣ ያን ጠዋት በእሱ ቦታ ተተክቼ ነበር። መሰላሉ ላይ የወጣሁት እኔ ነኝ። ፈርሜ የሰጠኋቸውም እኔ ነኝ። ስንት ዓመት ሙሉ ረስቼው ኖሬያለሁ።

“ኦኬ፣ ፊክስ አደርገዋለሁ” አለች፣ ጣቶቿን ኪቦርዱ ላይ አድርጋ። “የዚያኛው ቁጥር ስንት ነበር?”

ፎቶውን አየሁት። ከእኔዋ ጀርባ የቆመችው ያቺው ጎረቤቷ ናት፤ የሚታየው ግን አፍንጫዋ ብቻ ነው። ልጄ ጠበቀች፤ እኔ ደግሞ ቁጥሩን አላውቀውም።